በጋሽ ሙሉጌታ ስም

ጡረታ ከወጣሁ አምስት ወር ሆነኝ። አሁንም በአሥራ ሁለት ሰዓት እነሣለሁ፤ ሸሚዝ እለብሳለሁ፤ ክራቫት አስሬ በር ድረስ የሄድኩበት ቀንም አለ። ልጄ «አባዬ፣ የት ልትሄድ ነው? ሪታየር አድርገሃል እኮ!» ብላ ስትስቅብኝ ነው የምሄድበት እንደሌለኝ ትዝ የሚለኝ። እኔም አብሬያት እስቃለሁ። ከዚያ ክራቫቱን ፈትቼ ቁጭ ስል ቢሮው በጣም ይናፍቀኛል።

ሥራዬ ምን እንደነበር ለሰው ማስረዳት ሁልጊዜ ይቸግረኝ ነበር። እዚህ ዳላስ የማውቃቸው የአገሬ ሰዎች ነርስ ናቸው፣ ሾፌር ናቸው፣ ነጋዴ ናቸው፤ ሥራቸው በአንድ ቃል ይነገራል። የእኔ ግን «ስለ ነፃ ገበያ ይጽፋል፤ ለፖለቲከኞች ምክር ይሰጣል» ነው። አንድ የቤተ ክርስቲያናችን ወጣት «ሶ፣ ማለቴ… ለዚህ ይከፍሉሃል?» ብሎ አፍጥጦ ጠይቆኛል። ይከፍሉኝ ነበር፤ ቤት ገዝቶ ልጅ ለማስተማር የሚበቃ። ሌላው ሰው ደግሞ ሥራዬ ስላልገባው ይመስለኛል «ዶክተር» ይለኛል። ዶክተር አይደለሁም። ያለኝ ሁለተኛ ዲግሪ ነው፤ እሱንም ሶፊያ ነው የተማርኩት። መጀመሪያ አካባቢ አስተካክላቸው ነበር፤ ኋላ ግን ተውኩት፣ ደስም ይለኝ ጀመር። ዛሬ ምነው ባልተውኩት እላለሁ።

ቡልጋሪያ የሄድኩት በደርግ ጊዜ የኢኮኖሚ ዕቅድ ልማር ነበር። ትምህርቱን ሳልጨርስ የሚታቀደው ነገር ሁሉ ፈረሰ። አዲስ ሚኒስትሮች ተሾሙ፤ ለእነሱ የሚያማክር ሰው ደግሞ ስቶያን ነበር። ስቶያን ረጅም፣ ትከሻው የጎበጠ፣ ሲጋራ ለመተው ብሎ ቀኑን ሙሉ ፖም የሚገምጥ ሰው ነው። እንግሊዝኛ አንብቦ በቡልጋርኛ የሚያሳጥርለት ሰው ፈልጎ ማስታወቂያ ለጠፈ። እኔ ደግሞ የምበላው አልነበረኝም። ከሌሎቹ አመልካቾች መርጦኝ እንደሆነ ስጠይቀው «ሌላ ማንም አልመጣም» አለኝ። ስቶያን ሰውን ደስ ለማሰኘት ብሎ አይዋሽም ነበር።

ከእሱ የተማርኩት ሥራ ይኸው ነው። ለሚኒስትር የሚጻፍ ማስታወሻ ከአንድ ገጽ አይበልጥም፤ ሚኒስትር የሚያነበው ቆሞ ነው፣ ከመኪናው እስከ ቢሮው በር ባለው መንገድ። ሦስት ነገር ብትነግረው ሁለቱን ይረሳል፤ ስለዚህ ሁለቱን አትጻፍ። የጋዜጣ ጽሑፍ የመጀመሪያ ዓረፍተ ነገር ውስጥ ደግሞ እግር ላይ ቢወድቅ የሚያም ነገር መኖር አለበት፦ ጡብ፣ የወተት ጣሳ፣ በር። «ዕድገት» እግር ላይ ወድቆ አያምም። የጻፈውን ሁሉ መጀመሪያ የሚያነብለት ለሕንፃው ዘበኛ ነበር፤ የዘበኛው ዓይን ወደ መንገድ ሲዞር ያየበትን ቦታ በቀይ እርሳስ ይሰርዛል።

ከሁሉ የማልረሳው ግን የአጠያየቁን ነገር ነው። የወተት ዋጋ ከመንግሥት ቁጥጥር ነፃ ይውጣ አይውጣ የሚል ማስታወሻ እንድንጽፍ ታዘዝን። እኔ መጻሕፍት ከምሬ ተቀመጥኩ። እሱ አውቶቡስ አሳፍሮኝ ሁለት ላም ያላቸው አንዲት አሮጊት ዘንድ ወሰደኝ። «ዋጋው ነፃ ቢወጣ ይሻላል?» ብዬ ጠየቅኳቸው። «አዎ፣ አዎ፣ ይሻላል» አሉኝ። ደስ ብሎኝ ጻፍኩ። ስቶያን ብዕሬን ያዘና «እናቴ፣ አዋጁ እሑድ ቢወጣ ሰኞ ጠዋት ወተቱን ለማን ይሰጣሉ?» አላቸው። አሮጊቷ አሰቡ፣ አሰቡና «ለማንም። አይብ አደርገዋለሁ» አሉ። ስንመለስ አውቶቡሱ ውስጥ እስኪያስለው ድረስ ሳቀ። «አስተያየቱን ብትጠይቀው አንተ የምትፈልገውን ይነግርሃል፤ ሰኞ ምን እንደሚያደርግ ብትጠይቀው ግን የራሱን ይነግርሃል» አለኝ። ማስታወሻው ተቀየረ፤ ነፃነቱ ቀስ በቀስ እንዲሆን መከርን፤ ከተማውም ወተት አላጣም።

ስቶያን ኋላ ላይ ሚኒስትሮቹ ሲቀያየሩበት ሰለቸውና ቴክሳስ ያለ አንድ ትንሽ የጥናት ማእከል በተንታኝነት ሲጋብዘው እሺ ብሎ መጣ። ከሁለት ዓመት በኋላ እኔን አስመጣኝ፤ የወረቀቱን ጣጣ ልተወው። ቢሮአችን ዳላስ አጠገብ ባለችው ቤድፎርድ ውስጥ፣ ከጥርስ ሐኪም ቤት በላይ ነበር። መስኮቱ ሀይዌዩን ያያል። እሱ በዚያ በሚያንከባልለው እንግሊዝኛው ሬዲዮ ላይ ይከራከራል፤ እኔ እመረምርለታለሁ፤ በኋላ በራሴ ስም መጻፍ ጀመርኩ፤ ለከተማ ምክር ቤት ለሚወዳደሩ ሰዎችም ንግግር አዘጋጅ ነበር። ዘበኛ ስላልነበረን ጽሑፉን የሚያነብለት ለጸጉር አስተካካዩ ሆነ። ሰውየው ምላጭ ይዞ ሲያንቀላፋ ስቶያን እንዴት እንደማይፈራ እስከ ዛሬ ይገርመኛል።

ከሰዓት በኋላ በስምንት ሰዓት ገደማ ረቂቄን ጠረጴዛዬ ላይ ወርወር አድርጎ «የሚያመኝ ነገር የታለ?» ይለኛል። ያን ጊዜ እናደድ ነበር። አሁን በዚያ ሰዓት ቤቴ ቁጭ ብዬ ያን ድምፅ ብሰማ ምንም ብሰጥ አይቆጨኝም። ሰው ናፍቆት ሲል አገር ይመስለዋል። እኔ የሚናፍቀኝ ቤድፎርድ ያለ አንድ ክፍል ነው፣ ከታች የጥርስ መቦርቦሪያ እየጮኸ።

አሁን ወደ ጥፋቴ ልምጣ፤ ዙሪያውን የምዞረው እሱን ፈርቼ ነው።

የዳላስ ከተማ ለታክሲ የሚሰጠውን ፈቃድ ቁጥር ወስኖ ይዞ ነበር። በስልክ የሚጠሩት መኪኖች ሲመጡ ገደቡ ይነሣ የሚል ሐሳብ ለምክር ቤቱ ቀረበ። ማእከላችን ይነሣ ባይ ነበር፤ እኔም እንደዚያ አምን ነበር፣ ዛሬም አምናለሁ። የቀበሌ ሱቅ ሰልፍ ያየ ሰው ገደብ አይወድም። ስቶያን ጉልበቱን ኦፕራሲዮን ሆኖ ተኝቶ ስለነበር እንድመሰክር የተላክሁት እኔ ነኝ። የማእከሉ ኃላፊ «ሾፌሮቹ ብዙዎቹ ያንተ አገር ሰዎች ናቸው፤ አንተ ብትናገር ክብደት አለው» አለኝ። ስቶያን ከሆስፒታል ደውሎ «ሾፌሮቹ ተራ የሚጠብቁበት ቦታ ሂድ። ሁለት ቀን አብረሃቸው ተቀመጥ። ሰኞ ምን እንደሚያደርጉ ጠይቅ» አለኝ። እሺ አልኩት፤ አልሄድኩም። የራሴን ሰዎች ለማወቅ ምን መቀመጥ ያስፈልገኛል ብዬ ነው።

ይልቅ እሑድ ከአምልኮ በኋላ ቤተ ክርስቲያኑ ፓርኪንግ ላይ ጋሽ ሙሉጌታን አገኘኋቸው። ጋሽ ሙሉጌታ ከእኔ በጥቂት ዓመት ይበልጣሉ። ኤርፖርት ላይ ታክሲ ይነዱ ነበር፤ የሾፌሮቹም ሊቀመንበር ነበሩ።

«ጋሽ ሙሉጌታ፣ ይሄ የፈቃዱ ነገር ቢነሣ ለሁላችንም ጥሩ ነው አይደል?» አልኳቸው።

መሬት መሬት አዩ። «ጥሩ ነው፣ ዶክተር። እግዚአብሔር ያለው ይሆናል» አሉኝ። ጨበጡኝ፣ ለቤተሰቤ ሰላምታ ላኩ፣ ሄዱ።

ምክር ቤቱ ፊት ለአንድ ሰው የሚሰጠው ሦስት ደቂቃ ነው። አትሮንሱ ላይ አረንጓዴ፣ ቢጫ፣ ቀይ መብራት አለ። ቢጫው ሲበራ የማሳረጊያዬን አወጣሁ፦ «ለዓመታት የነዱት የሾፌሮች ሊቀመንበር አቶ ሙሉጌታ ራሳቸው ጥሩ ነው ብለውኛል» አልኩ። እግር ላይ ወድቆ የሚያም ነገር አገኘሁ ብዬ ኮርቼ ነበር። ገደቡ ተነሣ። እኔ ባልናገርም ይነሣ ነበር፤ ድምፁ አስቀድሞ የታወቀ ነበር። አንድ የምክር ቤት አባል ግን ያንኑ ቃሌን ለጋዜጣ ደገመው፤ የጋሽ ሙሉጌታ ስም ታትሞ ወጣ።

ይህ ምን እንዳመጣ ያወቅሁት ከወራት በኋላ ነው። ከስብሰባ ተመልሼ ከኤርፖርት ታክሲ ያዝኩ። ሾፌሩ በመስታወት አየኝና ፈገግ አለ።

«ሐበሻ ነዎት አይደል? ቤድፎርድ? ኦኬ። እኔ ሰይድ እባላለሁ፤ አገሬ ወሎ ነው።»

«ሥራ እንዴት ነው?» አልኩት።

«ሥራማ… ድሮ ሎቱ ላይ ተራ ለማግኘት አንድ ሰዓት ነበር የምንጠብቀው፤ አሁን አራት ሰዓት። ግን እሱ አይደለም የሚያናድደኝ። የስልኩ አፕ መምጣቱ አይቀርም ነበር። የሚያናድደኝ የራሳችን ሰው ነው። ሙሉጌታ የሚባል አለ። ሎቱ ላይ ስንት ዓመት አብረን ዳማ ተጫውተናል፣ በጠርሙስ ቆርኪ። ሚስቴ ኢመርጀንሲ የገባች ቀን ልጆቼን ከስኩል ፒክ ያደረገልኝ እሱ ነው። ሊቀመንበራችን ነበር። እና ለካ በጎን ለሲቲው ‘ጥሩ ነው’ ብሎላቸዋል። በጋዜጣ ወጣ። ፕሪንት አድርገን ግድግዳው ላይ ለጠፍነው።»

«እሱስ ምን አለ?»

«ምን ይላል? ‘ብያለሁ፤ ግን እንደዚያ ማለቴ አይደለም’ አለ። ብለሃል? ብለሃል። ኦኬ፣ አለቀ። እኔም ወንበሬን አንሥቼ ሌላ ጠረጴዛ ሄድኩ። ከዚያ ወዲህ ሰላም አንባባልም። ሰውየው ብቻውን ነው የሚቀመጠው።»

ከኋላ ወንበር ላይ ቁጭ ብዬ ሁሉንም ሰማሁ። እኔ ነኝ የተናገርኩት ለማለት አፌ ሁለት ጊዜ ተከፈተ። አልወጣልኝም። ቤቴ ስንደርስ ሻንጣዬን እስከ በሩ ተሸከመልኝና «አይዞዎት፣ መንገዱ አድክሞዎታል» አለኝ። እንደዚያን ቀን ራሴን የጠላሁበት ቀን የለም።

ስቶያን ከቀዶ ሕክምናው በኋላ እግሩ አልረዳው ብሎ ግሬፕቫይን ያለ የአረጋውያን መኖሪያ ገብቶ ነበር። ሄጄ ነገርኩት። ፖሙን ነርሶቹ በቀጭኑ ይከትፉለታል፤ ሳህኑን ገፋ አደረገው።

«ሰውየው ምን አለህ?»

«ጥሩ ነው አለኝ።»

«ያንተ አገር ሰው የተማረ ብሎ የሚያከብረውን ሰው፣ በቤተ ክርስቲያን ደጅ፣ ሰው እያየ እምቢ ይለዋል?»

«አይለውም» አልኩ።

«ታዲያ ይሄን ከቡልጋሪያ የመጣሁ ሽማግሌ ልንገርህ?»

ይሉኝታ ምን እንደሆነ ከእናቴ ጡት ጋር ነው የጠባሁት። እኔ ራሴ በይሉኝታ ስንት ያልወደድኩት ሰርግ ላይ አጨብጭቤያለሁ። ስብሰባው አዳራሽ ስገባ ግን እሱን ሁሉ ትቼ የሰውየውን ጨዋነት እንደ ፊርማ ቆጠርኩት። ስቶያን ስወጣ «ሂድና ሰውየውን አግኘው» አለኝ። ኃላፊያችን ደግሞ «ያለቀ ነገር ነው፣ አትነካካው» አለኝ። የቱን እንደሰማሁ መናገር ያሳፍረኛል። ጋሽ ሙሉጌታ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ መጀመሪያ ወደ ኋላ ወንበር፣ ቀጥሎም ወደ ሌላ ቤተ ክርስቲያን ሄዱ። ሳላያቸው መዋል ቀለለኝ፤ እውነቱ ይህ ነው። ስቶያን በጸደይ ሞተ። በሄድኩ ቁጥር «አገኘኸው?» ይለኝ ነበር፣ የመጨረሻ ጊዜም ብሎኛል። ቀብሩ ላይ ስድስት ሰው ነበርን።

ከዚያ በኋላም ብዙ ዓመት ሠራሁ። ስሠራ ሰበብ አይጠፋም፤ ዛሬ ረቂቅ አለ፣ ነገ ስብሰባ አለ። ጡረታ ስወጣ ሰበቡ ሁሉ አለቀ። እኛ ልክ ነበርን አልነበርንም የሚለው አይደለም እንቅልፍ የነሣኝ። ስለ ሐሳቡ ዛሬም እከራከራለሁ። አንድ ሰው ግን በእኔ አፍ ምክንያት በሚያውቁት መካከል ከሃዲ ተብሎ እያረጀ ነው፤ ስሙን ሊያጠራለት የሚችል እኔ ብቻ ነኝ።

የይቅርታ ጽሑፍ አዘጋጀሁ፣ ለማእከሉ ድረ ገጽ። ይዤው ሌክ ሃይላንድስ የሚባለው ሰፈር፣ የጋሽ ሙሉጌታ አፓርታማ ሄድኩ። ጸጉራቸው ነጭ ሆኗል፤ ዓይናቸውን ስለሚያማቸው መንዳት ትተዋል። ሻይ አቀረቡ፣ ስለ ልጄ ጠየቁ። አነበብኩላቸው። እስከ መጨረሻው ሰሙኝ።

«ጥሩ ነው፣ ዶክተር» አሉ።

«ጋሽ ሙሉጌታ፣ በእግዚአብሔር ይዤዎታለሁ፣ ጥሩ ነው አይበሉኝ። ዶክተርም አይደለሁም። ሆኜም አላውቅም።»

ብርጭቆውን አስቀመጡ። ቀና ብለው ሲያዩኝ ፊታቸው ሌላ ሰው ሆኗል።

«ምን ልበልህ ታዲያ?» አሉኝ። አንተ ሲሉኝ የመጀመሪያቸው ነው። «ይሄን ማን ያነበዋል? ሰይድ ያነበዋል? ያን ቀን ሰው ሁሉ እያየን ‘ለሁላችንም ጥሩ ነው አይደል’ አልከኝ። መልሱን ራስህ ይዘኸው መጣህ። እምቢ ብልህ ሰው ፊት ላሳፍርህ ነው። ዝም ብልህ ትዕቢት ነው። ጥሩ ነው አልኩህ፣ እንድትሄድልኝ! አንተ ግን ወስደህ እዚያ ተናገርከው። ሎቱ ላይ ‘አላልኩም’ ብዬ እንዳልከራከር ብያለሁ። ውሸት አልናገርም። በቃ፣ ተቀመጥኩ። ብቻዬን።»

«ምን ላድርግ?» አልኳቸው።

«ስሜን ያነሣኸው ምክር ቤቱ ፊት ነው፤ እዚያው ቆመህ አውርደው። ሰይድ ይስማ። እኔ ግን አልጠራውም። አንተ ጥራው።»

በማግስቱ ሎቱ ሄድኩ፤ ስቶያን ሂድ ካለኝ ከስንት ዓመት በኋላ። ሰይድን መኪናው ላይ ተደግፎ አገኘሁት። ማን እንደሆንኩ፣ ምን እንዳደረግኩ፣ ምክር ቤቱ ፊት ቆሜ ቃሌን እንደማነሣ ነገርኩት። ቤድፎርድ ድረስ አድርሶኝ እንደነበርም አልደበቅኩም።

«ሁሉንም ስነግርዎት ከኋላዬ ቁጭ ብለው ነበር?» አለኝ።

«አዎ።»

አንገቱን ወዘወዘ፤ ይሰድበኛል ብዬ ጠበቅኩ። «ቀኑ መቼ ነው?» አለኝ ብቻ።

የምክር ቤቱ ሰዎች አብዛኞቹ አዲስ ናቸው። ስለ ታክሲ ፈቃድ የሚያስታውስ አንድም የለም። ጋሽ ሙሉጌታ ሙሉ ልብስ ለብሰው በግራ በኩል ተቀምጠዋል፤ ሰይድ በቀኝ፣ በሩ አጠገብ። ስሜ ሲጠራ ወረቀቴን ወንበሩ ላይ ረስቼ ተመልሼ አነሣሁት፣ በዕድሜዬ ሙሉ ለሌላ ሰው ንግግር የጻፍኩ ሰውዬ። «ከዓመታት በፊት እዚህ ቆሜ አቶ ሙሉጌታ የታክሲ ገደብ እንዲነሣ ይደግፋሉ ብያለሁ። አልደገፉም። በቅጡ አልጠየቅኳቸውም። ከጨዋነት የተናገሩትን ቃል ወስጄ ለራሴ ክርክር ተጠቀምኩበት። ጓደኞቻቸው በዚህ ምክንያት ፈረዱባቸው። ጥፋቱ የእኔ ነው፤ ስማቸው ከዚያ ንግግር ይውጣልኝ» አልኩ። ሲያልቅ መብራቱ ገና አረንጓዴ ነበር። ሰብሳቢዋ አመሰገነችኝና ስለ ውሾች መናፈሻ የሚናገር ሰው ጠራች።

ውጭ ስወጣ ሁለቱም ደረጃው ላይ ቆመዋል፣ ሦስት እርምጃ ተራርቀው፣ ሁለቱም መንገዱን እያዩ። እኔ ራቅ ብዬ ቆምኩ።

«መኪናህን የት ፓርክ አደረግክ?» አለ ሰይድ፣ ሳይዞር።

«መንዳት ትቻለሁ። በባስ ነው የመጣሁት።»

ሰይድ ወደ እሳቸው ዞረ። «ዓይንህ ነው?»

«ዓይኔ ነው።»

«ታዲያ አትደውልም ነበር? ምን ዓይነት ግትር ሰው ነህ አንተ! ና፣ ግባ።»

ጋሽ ሙሉጌታ በአጠገቤ ሲያልፉ ቆም አሉ። ይቅር ብዬሃለሁ አላሉኝም፤ አልጠየቅኳቸውምም። «ደህና ዋል፣ ደረጄ» አሉኝና አለፉ። ሰይድ የፊቱን በር ከፈተላቸው፣ ቀበቶውን አሰረላቸው። መኪናው ገና ሳይንቀሳቀስ መጨቃጨቅ ጀምረው ነበር፤ በመስታወቱ ውስጥ የሁለቱም እጅ ሲወራጭ ይታየኝ ነበር። እኔም እንደዚያ የሚጨቃጨቀኝ ሰው ነበረኝ። መብራቱ ጋ ደርሰው ወደ ቀኝ እስኪታጠፉ ድረስ ደረጃው ላይ ቆሜ አየኋቸው። ግባ ያለኝ ሰው የለም። አልጠበቅኩም ነበር ብል ግን ውሸት ይሆንብኛል።